ቬርለን አንገት ላይ የነበረው ድንጋይ

ቬርለን ስቴጋል የሞቱት አርባ ዓመት ሙሉ ሲቆፍሩት በኖሩት ጉድጓድ ውስጥ ነው፣ ማክሰኞ ከምሳ በፊት። ቁስል የለ፣ ደም የለ። ግድግዳውን ተደግፈው ቁጭ እንዳሉ ነው ያገኟቸው። በገመድ ስበው ሲያወጧቸው የትንፋሽ ድንጋያቸው አንገታቸው ላይ እንደታሰረ ነበር። ባዶውን!

ምክትል ሸሪፍ ዴላ ክራውች ተንበረከከችና የሸሚዛቸውን ኮሌታ አሸተተች።

«እንዴ፣ ደግሞ ውሻ ሆንሽ?» አላት ጌይለን፣ የድንጋይ ሱቁ ባለቤት፣ ትምባሆውን እያላመጠ።

«ብሆን መጀመሪያ የምነክሰው አንተን ነበር።»

«ምን ያሸታትታል ታዲያ? ድንጋዩን በትንፋሹ የሚሞላላቸው ያ ልጅ ኮልተን ነው። ባዶ አሰረላቸው፣ ሞቱ። አለቀ!»

ሸሪፉም እንደዛ ነው ያሰበው። ኮልተንን ከአልጋው አንስቶ አሰረው፤ በማግስቱ ወደ ፍርድ ቤት ሊልከው ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ጉድጓዱ ታች የሚተነፈስ አየር የለም። ኳርትዝ የሚባለው ጥርት ያለ ድንጋይ ደግሞ የሰው ትንፋሽ ቀኑን ሙሉ ይይዛል፤ ግን የራስህን ትንፋሽ ሞልተህ መልሰህ ልሳብ ብትል ድንጋዩ እምቢ ይላል። ስለዚህ ሌላ ሰው ይተነፍስልሃል፣ አንገትህ ላይም ያስርልሃል። እስኪያስርልህ ዓይንህን ጨፍነህ ነው የምትቆመው። ከፍተህ ድንጋዩን ካየህ «አላምንህም» አልከው ማለት ነው። በነዚህ የአርካንሳስ ተራሮች ከዚህ የባሰ ስድብ የለም።

ዴላ ድንጋዩን ይዛ ኮልተን ጋ እስር ቤት ገባች። ልጁ በትኩሳት ፊቱ ቲማቲም መስሏል።

«ከእሁድ ማታ ጀምሮ ተኝቼ ነበር፣ ሙች!»

«ማን አየህ?»

«ድመቴ።»

«አሪፍ። ድመቷን ምስክር አድርገን እንጠራታለን።»

«አትቀልጂ ዴላ! ሰኞ ማታ ደውዬ ነገ አልመጣም አልኳቸው። 'ግድ የለህም፣ የማምነው ሰው አለኝ' አሉኝ።»

«ማን ነው አላልክም?»

«ሠላሳ ዘጠኝ ዲግሪ ላይ ሆኜ?»

ዴላ ቃሉን እየጻፈች ድንጋዩን ወረቀቱ ላይ አስቀመጠችው። ከዛ እስክሪብቶዋ ቆመ። ከድንጋዩ ስር ያለው ፊደል ሁሉ ሁለት ሁለት ሆኗል።

«ይሄ ኳርትዝ አይደለም» አለች ቀስ ብላ። «ካልሳይት ነው፣ ኳርትዝ የሚመስል ሌላ ድንጋይ። ቢሞላም ያፈሳል፤ ሰዓት አይቆይም።»

«የተጠመጠመበት ግን የሳቸው የመዳብ ሽቦ ነው!»

«አዎ። አንድ ሰው ከሳቸው ድንጋይ ላይ ፈቶ እዚህ ጠምጥሞታል።»

አውራ ጣቷ ሽቦው ስር የተሸረፈች ጥግ አገኘ። እዛው ላይ ትንሽ ቆየ።

ወደ አክስት አዮን ቤት የሄደችው በእግሯ ነው፣ ሆን ብላ፣ እንዲዘገይላት። አዮን የቬርለን እህት ናቸው። ዴላን እናቷ ከሞተች ከስድስት ዓመቷ ጀምሮ ያሳደጓትም እሳቸው ናቸው። የበቆሎ ዳቦ ቆርሰው ሰጧት። ግራ ጉንጫቸው አብጧል።

«ምን ሆኑ አክስቴ?»

«ጥርሴ ነው፣ የኔ ልጅ። ሰኞ ማታ ለውዝ ስቆረጥም ተሰበረ። ይኸው ከዛ ወዲህ ቅርንፉድ እያኘክሁ ነው።»

«ጋሼ ቬርለንን መቼ አዩዋቸው?»

«እሁድ ምሳ ላይ። ከዛ በኋላ የት አይቼው።» ዓይናቸውን በመሐረብ ጠረጉ። «ሠላሳ ዓመት የሞላሁለት እኔ ነበርኩ። ባለፈው ጸደይ ወጣት ሳንባ ይሻላል ብሎ ያንን ልጅ ያዘ። እኔ ምን ቸገረኝ!»

ዴላ መስኮቱን አየች። የልጅነቷ ድንጋዮች ተደርድረዋል። ከመሃላቸው አንድ ቦታ ባዶ ነው፤ ሌላው ሁሉ አቧራ ለብሶ እዛች ላይ ብቻ ንጹህ። ዳቦውን ሳህኑ ላይ መለሰችው።

ረቡዕ ጠዋት ሁሉንም ጌይለን ሱቅ ሰበሰበቻቸው። ሸሪፉ፣ ኮልተን በካቴና፣ ጌይለን፣ አክስት አዮን።

«ቬርለን ትከሻቸው ከተሰበረ ወዲህ እጃቸው ከጆሯቸው በላይ አይወጣም» አለች። «ቋጠሮው ግን ማጅራታቸው ላይ ነበር። ስለዚህ ያሰረላቸው ሌላ ሰው ነው። ጌይለን፣ ጉድጓዱን ሽጡልኝ እያልክ ሁለት ዓመት ነዝንዘሃቸዋል።»

«አሁን ደግሞ እኔ ሆንኩ?!»

«አይደለህም። ቬርለን ላንተ ዓይናቸውን አይጨፍኑም።»

ሸሪፉ ሳቁን በሳል ሸፈነው።

«ይሄ ካልሳይት ነው፤ የተሞላበትን ትንፋሽ ኮሌታቸው ላይ አፍስሶታል። ኮሌታቸው ደግሞ ቅርንፉድ ቅርንፉድ ይሸታል። ኮልተን ቅርንፉድ አያኝክም። የሚያኝኩትም ሰው ማኘክ የጀመሩት ሰኞ ማታ ነው፣ ቬርለንን ለመጨረሻ ጊዜ አየሁ ካሉበት ከእሁድ በኋላ።»

ዴላ የሱቁን ጋዜጣ ዘረጋችና ድንጋዩን አስቀመጠችበት።

«ስድስት ዓመቴ ነበር። መጽሐፍ ላይ አድርገውልኝ 'አየሽ፣ ይሄ ድንጋይ ውሸታም ነው፣ አንዱን ሁለት ይላል' አሉኝ። ጥግ ላይ የሸረፍኩት እኔ ነኝ፤ ደረጃው ላይ ጥዬው። አልተቆጡኝም። ሳሙኝ። አክስቴ… የጋሼ ቬርለን ኳርትዝ የት አለ?»

አዮን ከአንገታቸው ስር ኳርትዙን አወጡት። ሽቦ የለውም።

«ሰኞ ማታ ደወለልኝ» አሉ። «ይቅርታ ሊለኝ መስሎኝ ነበር። 'ለነገ ብቻ ሙዪልኝ፣ ልጁ አሞታል' አለኝ። ለነገ ብቻ! ሠላሳ ዓመት ትንፋሼን ሰጥቼው፣ ለአንድ ቀን ተተኪ አደረገኝ።»

«ዓይናቸውን ጨፍነው ነበር?»

«እንደ ሕፃን።»

«ኮልተንስ? ዝም ብለው ሊያስበሉት ነበር?»

ሸሪፉ ካቴናውን ከልጁ እጅ ፈትቶ ወደ አዮን ሄደ። በር ላይ ሲደርሱ ዞር አሉ።

«ያንቺን ግን ሁሌም በደንብ ነው የሞላሁልሽ፣ ዴላዬ።»

ሰው ሁሉ ወጣ። ዴላ ከአሥራ ሁለት ዓመቷ ጀምሮ ጉድጓድ በወረደች ቁጥር አዮን ያሰሩላትን ድንጋይ ከአንገቷ ፈታች። አላመንኳቸውም እንዳይሆንባት አንድም ቀን አይታው አታውቅም። ጋዜጣው ላይ አስቀመጠችውና ጎንበስ አለች።

ፊደሎቹ አንድ አንድ ነበሩ። ያኔ ነው ያለቀሰችው።