የአካፋዩ ማዶ

እኔ እንዲህ ዓይነት ነገር የማምን ሰው አልነበርኩም፣ ይሄን አስቀድሜ ልንገርህ። ጅን የለም አላልኩም፣ ሙስሊም ነኝ፣ በቁርአን ያለውን አልክድም፤ ግን ጅን ስንት ሥራ እያለው ከሚሴ ድረስ መጥቶ የአንድ ባጃጅ ሹፌር ፊት ይገተራል የሚለው ወሬ ያስቀኝ ነበር። ተራ ስንጠብቅ ጓደኞቼ፣ ቦርከና ድልድይ ላይ ነጭ የለበሰች ሴት አስቁማኝ ተሳፈረች፣ ዞር ስል የለችም፣ ምናምን ሲሉ፣ "ሒሳብ ላለመክፈል ዘላ ወርዳ ነዋ!" እያልኩ የማሾፈው እኔ ነበርኩ። አሁን እነሱ ሲያወሩ እኔ የባጃጄን መስታወት እወለውላለሁ።

ነገሩ እንዲገባህ መንገዳችንን ማወቅ አለብህ። ድሮ በከተማችን የሚያልፈው አስፋልት አንድ ነበር፣ ከአዲስ አበባ የሚመጣውም ወደ ደሴ የሚወጣውም እዚያው ላይ ይተሻሻል፣ እኛም ተሳፋሪ በጠራን በኩል እጥፍ ነው፣ ማን ከልካይ ነበረን! ኋላ መንገዱ ሰፋና መሃሉ ላይ አካፋይ ተሠራለት፣ ከጉልበት የማያልፍ የሲሚንቶ ጠርዝ፣ ውስጡ አፈር፣ አፈሩ ላይ ውሃ የሚያጠጣው ያጣ አበባ። ከዚያ ወዲህ ማዶ ጉዳይ ካለህ በቀኝህ ይዘህ ክፍቱ ጋ እስክትደርስ ትነዳለህ፣ ፍሬቻ ታሳያለህ፣ ወደ አካፋዩ ትጠጋለህ፣ ከፊት ለሚመጣው ቅድሚያ ሰጥተህ ዞረህ ትመለሳለህ። መንጃ ፈቃድ ስማር አስተማሪያችን፣ "የተቆራረጠ መስመር ከሆነ አይተህ ታልፈዋለህ፣ ያልተቆራረጠውን አታልፍም፣ አካፋይ ግን ግድግዳ ነው በሉ፣ ማጠሩን አትዩ" ይለን ነበር። ሰው ሁሉ ሲያማርር እኔ አላማረርኩም፣ ሲኖትራክ ፊት የታጠፈ ባጃጅ ምን እንደሚመስል በዓይኔ አይቻለሁ። ከጨፋ ሜዳ የመጣ በሬ እንኳ ወደ ገበያ ሲነዳ ረግጦት ይሻገራል፣ እኔ ግን አንድም ቀን በተቃራኒ ገብቼ አላውቅም።

እናቴ አስም አለባት። አለባት አልኩ? ነበረባት። ሐኪሙም ሼኹም "አንቺ መጾም የለብሽም፣ አላህ ለበሽተኛ አቅልሏል" ብለዋታል፣ እሷ ግን ረመዷን ከገባ ማንንም አትሰማም። ያቺ ወደ አፍ የምትረጭ ትንሽ ማስተንፈሻ አለቻት አይደል፣ ቀኑን ሙሉ በጨርቅ ጠቅልላ እጇ ላይ ትይዛታለች እንጂ መግሪብ አዛን ሳይል አፏ አታደርሳትም። "እስከ ዛሬ ያስጾመኝ ጌታ ዛሬ አይጥለኝም" ትላለች፣ በቃ፣ ከዚያ በኋላ ብትለምን ብታለቅስ ዋጋ የለውም።

የዚያን ዕለት ማፍጠሪያ ሲቃረብ እኔ ደጅ ላይ ባጃጄን አጥባለሁ፣ እህቴ ዘይነባ ጓዳ ሳምቡሳ ትጠብሳለች። እማዬ መስገጃዋ ላይ ነበረች፣ ድንገት ደረቷ ያፏጭ ጀመር፣ እዚያ ደጅ ድረስ ተሰማኝ። ዘይነባ እጇ በዱቄት እንደተለወሰ ወጣች፣ "ጀማል! ቶሎ በል፣ ከንፈሯ ጠቆረ!" ተሸክመን ከኋላ አስቀመጥናት። ሆስፒታሉ ሩቅ አይደለም፣ ከቤታችን ወጥተህ አስፋልቱን ይዘህ ጥቂት ስትነዳ በሩ ከማዶ በግራህ ይታይሃል፣ አልፈኸው የብረት በር የሚሠሩት ጋ ትደርሳለህ፣ ከዚያ ማደያው፣ ማደያው ፊት ለፊት የአካፋዩ ክፍት አለ፣ እዚያ ዞረህ ትመለሳለህ፣ አለቀ። ዘይነባ "ምድጃውን አጥፍቼ በእግሬ እከተላችኋለሁ" አለች፣ እኔም ነካሁት።

በረመዷን ከመግሪብ በፊት ያለችውን ሰዓት ታውቃታለህ፣ ሰው ሁሉ ተምሩን ፊቱ አድርጎ ተቀምጧል፣ መንገዱ ላይ ውሻ እንኳ የለም። ፀሐይዋ ተራራው ጫፍ ላይ ተቀምጣለች። የሆስፒታሉ በር በግራዬ አለፈ፣ ጥበቃው ጋሽ ይመር አግዳሚው ላይ ተቀምጦ አየሁት። ሰማያዊ ቀለም የተቀቡት የብረት በሮች አለፉ። ፍሬቻ አሳየሁ፣ ወደ አካፋዩ ተጠጋሁ፣ ጠቅ ጠቅ ጠቅ ትላለች ፍሬቻዋ።

"ጌኜ?" አለችኝ እማዬ፣ ደረስን ወይ ማለቷ ነው፣ ስትጨነቅ ኦሮምኛው ይቀድማታል።

"ደረስን፣ እዚህ ጋ ዞሬ ነው" አልኳት።

ማደያው ግን አልመጣም። እመነኝ፣ ተወልጄ ያደግኩበት ከተማ ነው፣ ዓይኔን ጨፍኜ እነዳዋለሁ። ማደያው መምጣት በነበረበት ቦታ በግራዬ የመጣው የሆስፒታሉ በር ነው። ደንግጬ ሳላውቅ የዞርኩ መሰለኝ፣ ግን አልዞርኩም፣ አካፋዩ እዚያው በግራዬ ነው፣ አበባው እንደደረቀ፣ ጠርዙ አንድም ቦታ ሳይቆረጥ። ነዳጅ ሰጠሁት። የብረት በሮቹ አለፉ። ፍሬቻዬ ጠቅ ጠቅ ትላለች። ደግሞ የሆስፒታሉ በር።

"አኡዙ ቢላህ" አልኩ።

ያኔ ነው ማዶውን ልብ ብዬ ያየሁት። ማዶ መሽቷል፣ ወላሂ አልዋሽህም! በእኛ በኩል ፀሐይ ተራራው ላይ እንደተገተረች ናት፣ ከአካፋዩ ወዲያ ግን ሱቆቹ መብራት አብርተዋል፣ ሰዎች በየደጁ ቆመው ውሃ ይጠጣሉ፣ ጋሽ ይመር ተምር እየገመጠ ፍሬውን ሲተፋ ይታየኛል። ድምፅ ግን የለም። አዛን የለም፣ የሰው ጫጫታ የለም፣ የፍሬቻዬ ጠቅታና የእናቴ ፉጨት ብቻ። "ጋሽ ይመር! ጋሽ ይመር!" ብዬ ጉሮሮዬ እስኪሰነጠቅ ጮህኩ፣ ቀና ብሎም አላየኝ።

ባጃጁን አካፋዩ ጥግ አቁሜ ወደ ኋላ ዞሬ "እማዬ፣ በአላህ ይዤሻለሁ፣ ማስተንፈሻውን አንዴ ብቻ ሳቢው" አልኳት።

"አዛን አለ?"

"ብሏል! ያውልሽ፣ እያፈጠሩ አይደለም እንዴ?"

ቀና ብላ ማዶውን አየች። "እነሱ ጋ ብሏል" አለችኝ፣ "እኛ ጋ አላለም፣ ኢልማ ኮ። ጾሜን ቀኑን ሙሉ ይዤው ደጅ ላይ አላፈርሰውም።"

ልጄ ማለቷ ነው፣ ኢልማ ኮ። እጇን ይዤ ማስተንፈሻውን አፏ ላይ ላደርገው ሞከርኩ፣ ጥርሷን ገጥማ ፊቷን አዞረችብኝ፣ ያ ሁሉ ትንፋሽ አጥታ ያን ጉልበት ከየት እንዳመጣችው እንጃ።

እዚያ እየታገልን እያለ ነው በማዶው መስመር አንዲት ባጃጅ የመጣችው። ከማደያው በኩል፣ እኔ መምጣት በነበረብኝ በኩል። የግራ ጎን ሸራዋ የተቀደደና በአረንጓዴ ክር የተሰፋ ነው። የእኔም እንደዚያ ነው፣ እማዬ ራሷ ናት ጨለማ ውስጥ የክሩን ቀለም ሳታይ የጠቀመችው፣ በማግስቱ ስንስቅባት ዋልን። ሹፌሩ አጎንብሷል፣ የእኔን ጃኬት ለብሷል። ከኋላው እናቴ ተቀምጣለች። ማስተንፈሻውን አፏ ላይ አድርጋ በረጅሙ ስትስብና ደረቷ ከፍ ሲል አየኋት። ባጃጇ ፍሬቻ አሳይታ ወደ ሆስፒታሉ በር ታጠፈች፣ ጋሽ ይመር ከአግዳሚው ተነስቶ ሮጠ፣ በሩን ከፈተላት።

እማዬ ከኋላዬ ቀስ ብላ "እንዴ... ይሄ የኔ ክር አይደል?" አለች። ቀጥላም "እሷ ደረሰች" አለች፣ በቅናት አይደለም፣ ጎረቤቷ ልጅ ስትድር እንደምትለው ዓይነት ነው ያለችው።

ህግ ምናምን ከዚያ በኋላ ጠፋብኝ። ወርጄ እናቴን አቀፍኳት፣ ከጉልበት የማያልፍ ጠርዝ፣ በሬ የሚሻገረው! ወጣሁበት፣ አበባውን ረገጥኩ፣ በማዶ በኩል ወረድኩ። እግሬ አስፋልት ሲነካ ከፊቴ የቆመችው የእኔው ባጃጅ ናት፣ ሞተሯ እየሠራ፣ ፍሬቻዋ ጠቅ ጠቅ እያለ፣ ፀሐይዋም እዚያው ተራራ ላይ። ዞሬ ደግሜ ወጣሁ፣ ደግሜ ወረድኩ። እየጮህኩ አለቅስ ነበር። እማዬ ክንዴ ላይ እየቀለለች መጣች፣ ፉጨቷም እየሳሳ መጣ፣ አስም የምታውቅ ከሆነ ፉጨቱ ሲጠፋ መዳን እንዳልሆነ ታውቃለህ።

መልሼ አስቀመጥኳትና ነዳሁ፣ ሌላ ምን አደርጋለሁ? የብረት በሮቹ አለፉ፣ ከዚያ ማደያው መጣ። እንዲሁ መጣ፣ ምንም እንዳልተፈጠረ፣ ክፍቱም ሁልጊዜ ያለበት ቦታ ላይ ነው። ዞርኩ። የፊት ጎማዬ የማዶውን መስመር ሲነካ አዛኑ ከየመስጊዱ በአንድ ጊዜ ፈነዳ፣ ፀሐይዋም ጥልቅ አለች። "እማዬ አለ! አዛን አለ!" ብዬ ጮህኩ። በመስታወት አየኋት፣ ሰምታለች፣ ከንፈሯ "ቢስሚላህ" ብሏል፣ ማስተንፈሻውን ይዛ እጇ እስከ አገጯ ድረስ ተነሳ። ከዚያ ወረደ።

በሩ ላይ ጋሽ ይመር ሳቅ ብሎ ተቀበለኝ። "ምን ረስተህ ተመለስክ? እናትህን አሁን አስገብተህ አልወጣህም እንዴ?" አለኝ። ከኋላ አጎንብሶ ሲያያት ተምሩ ከእጁ ወደቀ። ወደ ውስጥ ይዤያት ስሮጥ አንድ አልጋ ተዘጋጅቶ ነበር፣ ኦክስጅኑ ተከፍቶ ሽሽሽ ይላል፣ አንሶላው ሰው የተነሳበት ይመስል ተጨማዷል፣ ሰው ግን የለበትም። ነርሷ አንዴ አልጋውን አንዴ እናቴን እያየች "ቅድም..." ብላ ጀምራ ተወችው። እናቴን እዚያ አልጋ ላይ አስተኟት። ብዙ ታገሉላት፣ አላህ ይስጣቸው። ግን አልፋለች።

ዘይነባ የመጣችው ዘግይታ ነው፣ በአንድ እጇ ፔርሙዝ በሌላው ሳምቡሳ ይዛ፣ ፊቷ በርቶ። "አፈጠረች?" አለችኝ ገና ከበሩ። "መንገድ ላይ ሆኜ ስትገቡ አይቻችሁ እኮ ነው፣ እማዬ ቀና ብላ ስትተነፍስ ሳያት አልሐምዱሊላህ ብዬ ሾርባ ልይዝላት ወደ ቤት ተመለስኩ።" ፔርሙዙን ተቀብዬ መሬት ላይ አስቀመጥኩት።

ሰው ሁሉ የየራሱን ተናገረ። ደንግጠህ ነው አሉኝ፣ ጾም ነው፣ ድካም ነው አሉኝ፣ ሼኹም ቁርአን ቀርተውብኝ "ቀኗ ነው ልጄ፣ ሶብር አድርግ" አሉኝ። እኔም ቀኗ ነው ብዬ ልቀመጥ ፈልጌ ነበር፣ ወላሂ ፈልጌ ነበር። ግን ጋሽ ይመር ዛሬም ሲያየኝ ፊቱን ያዞራል፣ ዘይነባም ያየችውን አይታለች። ለቅሶው ሲበተን ያለችኝ አንድ ነገር ብቻ ነው፦ "ታዲያ እኔ ያየኋት የት ሄደች?"

አሁንም እዚያው መንገድ ላይ ነው የምሠራው፣ ሌላ ምን ሥራ አለኝ። ተሳፋሪ ማዶ አውርደኝ ሲለኝ ክፍቱ ጋ ሄጄ፣ ቅድሚያ ሰጥቼ እዞራለሁ፣ ማደያውም ሁልጊዜ ቦታው ላይ አለ። አልፎ አልፎ ግን፣ መግሪብ ላይ፣ መንገዱ ጭር ሲል፣ ያቺ ባጃጅ የማዶውን መስመር ይዛ ትመጣለች፣ አረንጓዴው ክር ከሩቅ ይታየኛል። መጀመሪያ ቀን እንደ እብድ ነድቼ ክፍቱ ጋ ዞርኩና ተከተልኳት፣ መስመሩ ባዶ ነበር። ዞር ብዬ ሳይ እኔ በተውኩት መስመር ላይ ቀስ እያለች ከቤታችን አቅጣጫ ትመጣለች። በየትኛውም በኩል ብሆን እነሱ ያሉት በሌላው በኩል ነው። አሁን መከተሉን ትቼዋለሁ፣ ዳር ይዤ ቆሜ እስክታልፍ አያታለሁ።

ማታ ቤት ስገባ ዘይነባ ራት እያቀረበች፣ ዓይኔን ሳታይ "አየሃት?" ትለኛለች።

"አየኋት" እላታለሁ።

"ትተነፍሳለች?"

"ትተነፍሳለች፣ ደህና አድርጋ ትተነፍሳለች።"

"አልሐምዱሊላህ" ትልና ጓዳ ገብታ ታለቅሳለች። እኔም የቀረውን አልነግራትም። ባለፈው በጣም ቀርበን ነበር የተላለፍነው፣ አካፋዩ ብቻ ነው በመሃላችን፣ እጄን አውጥቼ "እማዬ!" አልኳት። ዞር ብላ አየችኝ፣ አንድ የማታውቀው ባጃጅ ሹፌር መንገድ ላይ ሲጮህባት እንደምታየው አየችኝ፣ ሻሿን ሰብሰብ አድርጋ ወደ ልጇ ተጠጋች።