የበቅሎዎቹ አሞሌ

የቆዳው ቤት ሦስተኛው ዘበኛ የሞተው በሺህ ዘጠኝ መቶ ሃያ ስድስት ዓመተ ምሕረት፣ የጥቅምት ወር ሊያልቅ ሲል ነው። አንጁሎ ይባላል። ከመኝታ ቁርበቱ ወርዶ፣ ጉልበቱን ወደ ሆዱ ሰብስቦ፣ አንድ እጁን ወደ ውሃው እንስራ እንደዘረጋ ጠዋት ተገኘ። እንስራው ባዶ ነበር።

ከእሱ በፊት ሻንቆ፣ ከሻንቆም በፊት ቦልቴ እዚያው ቤት በውሃ ጥም እየተቃጠሉ ሞተዋል። ቦታው የጥንት መቃብር ነበር፣ የቆዳ ነጋዴው ኩባንያ አጥንት ዝቆ ጥሎ ቤት ሠራበት ይባላል። ጭጋጉ ከዳሞታ ተራራ ወርዶ ሶዶን ሲያለብሳት፣ በዚያ በኩል የሚያልፍ ሰው ሁሉ ያማትባል። ነፋስ ሲገባ የተሰቀሉት ቆዳዎች እርስ በርስ እየተፋተጉ የሚያሰሙት ድምፅ የታማሚ ትንፋሽ ነው የሚመስለው። ይህን የምለው ለማስፈራራት አይደለም፤ እኔም ብሆን ብቻዬን አላልፍበትም።

አገረ ገዥው የላኩት መርማሪ ግራዝማች ሀብተጊዮርጊስ ግን ገብቶ አልወጣም አለ።

«ግራዝማች፣ እባክዎ እደጅ እንነጋገር። ሽታው አይቻልም እኮ» አለ የኩባንያው አለቃ ባላምባራስ ማሞ፣ በኩታው አፍንጫውን ይዞ ከበሩ ላይ ቆሞ።

«ልጅ ሳለሁ ፈንጣጣ አፍንጫዬን ገድሎታል፤ ለእኔ ጽጌረዳና ጥሬ ቆዳ አንድ ናቸው። እናንተ ተንፍሱ፣ እኔ ሟቹን ላጫውት።»

ሌላው ሰው ትንፋሹን ይዞ የሚሮጥበትን ቤት ግራዝማች ቀስ ብሎ አየው። ከቁርበቱ አጠገብ በቅል የቀረበ ቅቅል ቦይና፣ ሌላው አገር ጎደሬ የሚለው ሥር፣ ግማሹ ተበልቶ ግማሹ ቀርቷል። ዝንቡ ወሮታል፤ እየበላ ይነሣል፣ ይዞራል፣ ተመልሶ ያርፋል። ከቅሉ ጎን አንድ የእንሰት ቅጠል ተዘርግቷል፤ ላዩ ላይ ጥቂት ነጫጭ ፍሬ ቀርቷል። በዚያ ቅጠል ዙሪያ ያሉት ዝንቦች ግን በጀርባቸው ተጋድመው አይንቀሳቀሱም።

ቀጥሎ የሟቹን እጅ አነሣ። መዳፉ እንደ ዶሮ እግር ሻክሯል። በየጥፍሩ ላይ ከዳር እስከ ዳር ነጭ መስመር ተሰምሯል። ግራዝማች ያንን መስመር ለረጅም ጊዜ ተመለከተው፤ ከዚያ የሟቹን አፍ ዘጋለትና ወጣ።

እደጅ የኩባንያው ሦስት ባለቤቶች ይጠብቁታል። ባላምባራስ ማሞ ኩባንያውን ያቆመውና ትእዛዝ የሚሰጠው ነው። አቶ ገብረመስቀል ሸቀጥ ይገዛል፣ ቆዳውን ወደ ጅቡቲ ያስጭናል። ወይዘሮ የትምወርቅ ድርሻዋን ከሟች ባሏ የወረሰች ስትሆን፣ ትርፍ ከሚከፋፈልበት ቀን በቀር ወደ ግቢው አትመጣም።

«ነገሩ የተገለጠ ነው» አለ ባላምባራስ። «ራቱን ያመጣችለት ሚስቱ ናት። አባይነሽ ትባላለች። ታስራለች።»

«ማን አሰራት?»

«ኩባንያው።»

«ኩባንያው! ቦልቴና ሻንቆ ሲሞቱስ ኩባንያው ማንን አሰረ?»

«ያኔ ሙት መንፈስ ነው ተባለ።»

«አሁንስ መንፈሱ ወዴት ሄደ?»

አቶ ገብረመስቀል ጣልቃ ገባ። «እንግዲህ ግራዝማች፣ እውነቱን ልንገርዎ። ሙት አለበት የተባለ ቤት ዘበኛ አይገኝለትም። ሥራችን ቆሟል።»

ግራዝማች ገባው። ባል ገዳይ ሚስት ስትሰቀል ቤቱ ንጹሕ ይሆናል፤ አራተኛ ዘበኛም ይቀጠራል። አገረ ገዥውም በማግሥቱ አፈርሳታ እንዲደረግ አዘዋል። የአካባቢው ሰው ተሰብስቦ ሌላ ገዳይ ካልጠቆመ፣ አባይነሽ ለሞት ፍርድ ትላካለች። የቀረው አንድ ቀን ብቻ ነው።

አባይነሽ ከእህል ጎተራው ጥግ እጇን ታስራ ተቀምጣለች። ከዱቦ አገር የመጣች ቀጭን ሴት ናት፤ አላለቀሰችም፤ ለቅሶው ከውስጧ የደረቀ ይመስል ነበር። ግራዝማች ገመዱን ፈቶ እፊቷ ቁጢጥ አለ።

«እህቴ፣ ቦይናውን በምን ቀቀልሽው?»

«በውሃ ነው፣ ጌታዬ። ሌላ በምን ይቀቀላል?»

«ጨውስ?»

«ጨው ከቤት አለቀች። ‹ግድ የለም፣ ዛሬ ኩባንያው የጨው ድርሻዬን ይሰጠኛል፣ እዚያው ነክሬ እበላለሁ› አለኝ አንጁሎ።»

«ድርሻውን ከዚያ በፊትም ወደ ቤት ያመጣው ነበር?»

«ያመጣል። ደስ ይለን ነበር። ጎረቤት ጨው ሲቸግረው እኛ ነን የምናበድረው።»

«ሆዱን ያመው ነበር?»

«እሱንም፣ እኔንም። እግራችን ይደነዝዛል። መቃብሩ ነው አሉን። ‹ከዚያ ቤት ውጣ› ስለው ‹ወጥቼ ምን እንበላለን?› አለኝ።» ቀና ብላ አየችው። «እኔ እንዴት እገድለዋለሁ፣ ጌታዬ? ማን አለኝ?»

«እጅሽን አሳዪኝ።»

ዘረጋችለት። ጥፍሯ ላይ ያ ነጭ መስመር አለ። ግራዝማች ዓይኑን ጨፈነ። ብዙ አስከሬን አይቷል፤ በሕይወት ካለ ሰው ላይ ያንኑ ምልክት ማየት ግን ሌላ ነው። ከእንግዲህ ያን ጨው እንዳትቀምስ፣ ጎረቤቶቿንም እንድታስጠነቅቅ ነግሯት ተነሣ።

አቶ ገብረመስቀል ስለ ጨው ሲጠየቅ ምንም አልደበቀም። ቆዳው በጨው ይታሻል፣ ሲደርቅ ብል እንዳይበላው ነጭ መድኃኒት ይነሰነስበታል፣ ሊጫን ሲል ይራገፋል።

«የተራገፈውስ?»

«ጨው ይጣላል እንዴ! ለዘበኛ ይሰጣል። ጉርሻ ነው፣ ደግነት ነው። መድኃኒቱ ደግሞ ብል ይገድላል እንጂ ሰው ይጎዳል ያለን የለም። ማን ያውቃል ታዲያ?»

ነገሩ የተንጠለጠለው ያውቁ ነበር ወይ በሚለው ላይ ነው። ባለማወቅ የተሰጠ ከሆነ የእግዜር ቁጣ ተብሎ ይታለፋል። ግራዝማች ይህን እያብሰለሰለ ወደ በቅሎ ጋጣው ሄደ፤ የሰው ጠባይ ካልገባው ከብቶች ያሉበት ቦታ መቆም ይወዳል።

በቅሎዎቹ ጨው ይልሳሉ። ግራዝማች አይቶ አለፈ፤ ጥቂት ተራምዶ ቆመ፤ ተመለሰ። የሚልሱት ንጹሕ አሞሌ ነው፤ በገመድ ከምሰሶው ተንጠልጥሏል።

«ደገፉ» አለው የበቅሎ ጠባቂውን፣ «ይህ አሞሌ ከየት መጣ?»

«ከበዴሳ ገበያ ነው፣ ጌታዬ። አቶ ገብረመስቀል ናቸው የሚገዙት።»

«በግቢው የተራገፈ ጨው ተከምሮ ሳለ?»

«ድሮ ያንን ነበር የምንሰጣቸው። በመስከረም የባላምባራስ ግራጫ በቅሎ ስትንደፋደፍ አድራ ሞተች። ከዚያ ወዲህ ‹ያን ጨው ወደ ጋጣው እንዳታስጠጋ፣ አሞሌ ይገዛላቸው› ብለው ባላምባራስ አዘዙ።»

«በመስከረም አልክ። ሻንቆ መቼ ሞተ?»

ደገፉ ማበጠሪያውን በእጁ እንደያዘ ቀረ። «ከበቅሎዋ በኋላ ነው» አለ።

በማግሥቱ አፈርሳታው ተጠራ፤ ግራዝማች እደጅ ይሁን የሚለውን እንቢ ብሎ እዚያው ቆዳው ቤት ውስጥ አደረገው። ሰፈርተኛው እያማተበ ገባ። ከላይ ቆዳዎቹ ይተነፍሳሉ። ሦስቱ ባለቤቶች ከፊት በበርጩማ ተቀምጠዋል፤ አባይነሽ ከበሩ አጠገብ ቆማለች። ግራዝማች አንድ ቅል ትኩስ ቦይና፣ በእንሰት ቅጠልም ጨው አምጥቶ መሐል አኖረ።

«ይህ ጨው ከአንጁሎ ድርሻ የተረፈው ነው» አለ ጮክ ብሎ። «የሟች ማዕድ ነው። ከደሙ ንጹሕ ነኝ የሚል ባለቤት ነክሮ ይቅመስ፤ ከዚያ ነገራችንን እንጀምራለን።»

«እኔ ጾም ነኝ» አለ ባላምባራስ ማሞ።

«ቦይናም እኮ ጾመኛ ነው፤ ቅቤ አልነካውም።»

«እስከ ዘጠኝ ሰዓት አልቀምስም።»

«አቶ ገብረመስቀልስ?»

«ጥርሴን ያመኛል።»

ወይዘሮ የትምወርቅ በሁለቱ ተገርማ ተመለከተቻቸው። «ለሟች ቁራሽ ይህን ያህል?» አለችና ቦይናውን ቆርሳ፣ ጨው አብዝታ ነክራ አፏ ውስጥ ጨመረችው። አላመጠች። ዋጠች። ደግማ ነከረች።

እኔም ከሰፈርተኛው ጋር ቆሜ አየሁ። ባላምባራስ ማሞ አፏን ያያል። አቶ ገብረመስቀል የግንባሩን ላብ ይጠርጋል። ሴትዮዋ ሦስተኛውን ስትቆርስ ግራዝማች እጇን ያዛት።

«ይበቃል፣ እመቤቴ። አይፍሩ፣ ዛሬ ጠዋት ከገበያ የገዛሁት ንጹሕ ጨው ነው።» ወደ ሁለቱ ዞረ። «እነዚህ ጌቶች ግን ይህን አያውቁም ነበር።»

«ምን ማለት ነው?» አለች የትምወርቅ።

«ልንገርዎ። አንጁሎ የተመረዘው በቦይናው አይደለም፤ ቦይናውን የበላ ዝንብ ሁሉ በሕይወት አለ፣ የሞተው ጨው የተቋጠረበትን ቅጠል የነካው ነው። የአንድ ራት መርዝም ብቻ አይደለም፤ ጥፍሩ ላይ ያለው ምልክት መርዝ ለሳምንታት ሲጠራቀም የሚወጣ ነው። ምልክቱ በሚስቱም ጥፍር ላይ አለ። መርዝ የምትሰጥ ሴት አብራ አትበላም። ስለዚህ መርዙ ከቤታቸው ውጭ የመጣ፣ ሁለቱም የበሉት ነገር ነው፤ ይኸውም ከቆዳ የተራገፈ፣ የብል መድኃኒት የገባበት የኩባንያው ጨው።»

«አላወቅንም!» አለ አቶ ገብረመስቀል።

«እኔም እንዲያ ብዬ ልሄድ ነበር። በቅሎዎቹ ናቸው የመለሱኝ። ነጋዴ፣ ጨው በግቢው ተከምሮ ሳለ ለምን አሞሌ ይገዛል? አንዲት በቅሎ ሞታ ጨው ከጋጣው ተከለከለ። ከዘበኞቹ ግን አልተከለከለም። ሻንቆ የሞተው ከዚያ ወዲህ ነው። አንጁሎም።»

ከሰፈርተኛው መካከል የሻንቆ እናት ልጇን እየጠራች አለቀሰች። ማንም ዝም በይ አላላትም።

«እኔ በቅሎ እንዳትሞት ብቻ ነው ያዘዝኩት» አለ ባላምባራስ ማሞ ተነሥቶ። «ለዘበኛ ስጡ አላልኩም!»

«እኔም አሞሌ ገዛሁ እንጂ ለሰው ጨው አልሰፈርኩም» አለ አቶ ገብረመስቀል። «የዘበኛ ድርሻ ከጥንት ያለ ነው። የኩባንያው ደንብ ነው።»

«እንግዲያው ገዳዩ ኩባንያው ነው?»

«እንዲያ ከሆነ... ኩባንያው ነው።»

«ጥሩ። አሁን ጥሩልኝ፣ ይምጣ። መልኩን ልየው። አንገት አለው? የሚታሰር እጅ አለው?»

ግራዝማች የባለቤቶቹን እጆች ተራ በተራ አየ።

«አያችሁ፣ አህያውን ፈርቶ ዳውላውን ይሏል ይኸ ነው። ኩባንያውን መያዝ ስለማይቻል ሚስቱ ተያዘች። ትናንት ግን ሲያስራት እጅ ነበረው፤ የእናንተ እጅ።»

ወይዘሮ የትምወርቅ ግራዝማችን አልሰማችውም። ባላምባራስ ማሞን ነው የምታየው። «ማሞ» አለችው፣ «የአንጁሎ ጨው ነው ሲባል ሰምተሃል። ስበላ አየኸኝ።»

እሱ አንገቱን ደፋ። ከተነገረው ሁሉ ይበልጥ የፈረደበት ያ ነው ባይ ነኝ።

«እርስዎም አልዳኑም፣ እመቤቴ» አላት ግራዝማች በለሰለሰ ድምፅ። «ሁለት ሰው ሞቶብዎት ምን ጠየቁ?»

«ምንም» አለች። እንባዋ ወረደ። «‹ቤቱ ነው የሚገድለው› ሲሉኝ ተመቸኝ። ትርፌን ተቀብዬ ሄድኩ።»

በአገሩ ልማድ ከሳሽና ተከሳሽ ልብሳቸው እርስ በርስ ተቋጥሮ፣ አብረው እየበሉ አብረው እያደሩ ወደ ላይኛው ዳኛ ይሄዳሉ፤ ቁራኛ ይባላል። ግራዝማች ሦስቱንም አቆማቸው። የሻንቆን እናት ከወይዘሮ የትምወርቅ፣ የቦልቴን ወንድም ከአቶ ገብረመስቀል፣ አባይነሽን ከባላምባራስ ማሞ ጋር አቆራኘ። ባላምባራሱ «ሹመት አለኝ! ኩባንያው ዋስ ይጠራልኛል!» እያለ ጮኸ። ሕዝቡ ውስጥ ዋስ የሚሆን አልተገኘም። የትምወርቅ ግን የነጠላዋን ጫፍ ራሷ አውጥታ ለሻንቆ እናት ሰጠቻት።

ወደ አዲስ አበባ የሚወስዳቸው መንገድ በዲምቱ በኩል ነበር። ፀሐይ ስትበረታ ወታደሮቹ ከአንድ ዋርካ ሥር አሳረፏቸው። አባይነሽ ከስንቋ ቅቅል ቦይና አውጥታ ከሁለት ቆረሰች፤ ከትንሽ ቋጠሮ ጨው ነስንሳ ግማሹን ለባላምባራስ ማሞ ዘረጋችለት። ጠዋት ከወጡ ጀምሮ እስከዚያ ድረስ እህል አልቀመሰም። ተቀበላት፤ ወደ አፉ ግን አላደረሰውም።

«አንቺ ቅደሚ» አላት።

በላች። ውጣ እስክትጨርስ አፏን ተመለከተ። አሁንም አልበላም።

አባይነሽ ኩታውንና ነጠላዋን ያያያዘውን ቋጠሮ አየች፤ ከዚያ ፊቱን አየች። አላሾፈችበትም፤ ማሾፍ የምትችልበት ጉልበት አልነበራትም።

«ጌታው» አለችው፣ «የእናንተን ጨው ከባሌ ጋር ስንት ጊዜ በላሁ። የኔን አንድ ቀን ይብሉ እንጂ።»

ባላምባራስ ማሞ ወታደሮቹ ተነሡ እስኪሉ ድረስ ቦይናውን በእጁ እንደያዘ ቆየ።