የኢቫልዶ ሬጎ የመጨረሻ ደቂቃ

ዳይሬክተር ኢቫልዶ ሬጎ የሞተው ርችት በሚንጣጣበት በሰኔው የቅዱስ ዮሐንስ በዓል ዋዜማ፣ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ፣ በብራዚል፣ በሬሲፌ ወደብ አጠገብ ባለ አሮጌ የስኳር መጋዘን ውስጥ ነው። የአሥራ አንደኛ ፊልሙን ቀረጻ መጨረሱ ነበር። አሥራ አንዱንም ራሱ ጽፏቸዋል፣ ራሱ አዘጋጅቷቸዋል፣ ራሱም አድንቋቸዋል። ጋዜጦች «ነፃው ዳይሬክተር» ይሉት ነበር፤ በእርግጥም ከስቱዲዮ፣ ከአከፋፋይና ከምስጋና ነፃ የሆነ ሰው ነበር።

መርማሪ ዴልፊና ሞረይራ ስትደርስ ሬሳው በጣውላው ወለል ላይ በጎኑ ተጋድሟል። ከማርና ከሎሚ ጋር የተቀላቀለውን የሸንኮራ አረቄ አራቱም የቀረጻው ሰዎች ከአንድ ጠርሙስ ጠጥተዋል፤ መርዙ የተገኘው ግን በሟቹ ብርጭቆ ውስጥ ብቻ ነው። አለቃዋ ደወለ።

«የቀዳችለት ሚስቱ ናት። ነገ ቀትር ሳይደርስ እሰሪያትና ለበዓሉ እንረፍ።»

ዴልፊና ጎንበስ አለች። ከሟቹ እግር አጠገብ ወለሉ ላይ የፈሰሰ አረቄ አለ። ማሩ የጠራቸው ጉንዳኖች ግራና ቀኝ ይራወጡበታል። ረጅም ጊዜ አየቻቸው።

መጀመሪያ ያነጋገረችው የካሜራ ባለሙያውን አሊፒዮን ነው።

«ሟቹን ማን ይጠላው ነበር?»

«ወረፋ አለው እኮ! እኔ አራተኛ ብሆን ነው።»

«አንደኛውስ?»

«እሱን እንጃ። መጨረሻው ግን የድምፅ ባለሙያችን፣ ለአክብሮት ሴው የምንለው ጄርሲኖ ነው። በሦስተኛው ፊልም ጊዜ ሴት ልጁ ወንዝ ውስጥ ሰጠመች። ከቀረጻ በኋላ ነው ተባለ። ፊልሙ ላይም የምትሰጥም ልጅ አለች፤ በየአገሩ ቆመው ያጨበጨቡት ለዚያች ነው። እኔ ያኔ ገና አልመጣሁም፣ መጥቼም አልጠየቅሁም። ሽማግሌው ግን ይኸው ዛሬም ድምፅ ይቀዳለታል። መላእክት እንኳ ይህን ያህል አይችሉም!»

ጃንዲራ፣ ተዋናይትና የሟቹ ሚስት፣ መዋቢያዋን እንኳ አልጠረገችም።

«ሴው ጄርሲኖ ጠርሙሱን አስያዘኝ፤ ቀድቼ ለኢቫልዶ ሰጠሁት። እንደ ልማዱ የመጀመሪያዋን ጉንጭ ለቅዱሱ ብሎ መሬት ላይ አፈሰሰ። ሊጠጣ ሲል ሴው ጄርሲኖ ‹ዝምታዬን!› አለ።»

«የምን ዝምታ?»

«ቀረጻ ሲያልቅ የቦታውን ባዶ ድምፅ አንድ ደቂቃ ይቀዳል፤ ለቅንብር ነው። ኢቫልዶ ብርጭቆውን ሣጥን ላይ አስቀምጦ ሁላችንንም ዓይን አስጨፈነን። ሰው ዓይኑን ከጨፈነ አይስቅም ይል ነበር። ደቂቃው ሲያልቅ ጠጣ... ክብርት ዶቶራ፣ ሊያስሩኝ ነው አይደል?»

«እስከ ነገ ቀትር ጊዜ አለን።»

ጄርሲኖ መሣሪያውን ታቅፎ ጠበቃት።

«በዚያች ደቂቃ የተንቀሳቀሰ ሰው አለ?»

«ዶቶራ፣ በዚህ ጣውላ ላይ ድመት ብትራመድ እሰማለሁ። ማንም አልተንቀሳቀሰም። ቅጂው ይኸው፤ እንደ ብርጭቆ የጠራ ነው።»

በማግስቱ ረፋድ ላይ ሦስቱን መጋዘኑ ውስጥ ሰበሰበቻቸው። አለቃዋ ካቴና ይዞ በር ላይ ቆሟል፤ ጃንዲራ ከካቴናው ላይ ዓይኗን አልነቀለችም።

«ከጉንዳኖቹ ልጀምር» አለች ዴልፊና። «ለቅዱሱ ከፈሰሰው ጠጥተው አንዱም አልሞተም። እንግዲህ ዶና ጃንዲራ ቀድተው ሲሰጡት ብርጭቆው ውስጥ መርዝ አልነበረም።»

«ታዲያ መቼ ገባ?» አለ አለቃዋ።

«ሣጥን ላይ በተቀመጠባት ደቂቃ። ሁሉም ዓይኑን ጨፍኗል። ማንም አንዲት እርምጃ ቢራመድ ሴው ጄርሲኖ ሰምቶ ይጮህ ነበር፤ እሱ ራሱ ካልተራመደ በስተቀር። አሁን ቅጂውን እንስማ።»

ደቂቃው አለቀ።

«ምን ሰማችሁ?»

«ምንም» አለ አሊፒዮ።

«ምንም! በቅዱስ ዮሐንስ ዋዜማ፣ ሬሲፌ ውስጥ፣ አንዲት ርችት ሳትተኮስ?»

«ውይ! ትናንትማ ጆሯችን እስኪደነቁር ነበር!» አለ አሊፒዮ።

«ይህ የሌላ ቀን ዝምታ ነው። እውነተኛው ቅጂ የእርስዎን እርምጃ ስለያዘ ቀየሩት፣ ሴው ጄርሲኖ። ሌላ ገዳይ ቢሆን ርችት የሞላበትን ፈልጎ ይሰጠኝ ነበር። እርስዎ ግን የቆሸሸ ዝምታ ለሰው መስጠት እጅዎ እሺ አይልም።»

ሽማግሌው የጆሮ ማዳመጫውን ከአንገቱ አወለቀ።

«ኢቫልዶ ከሁሉ የሚበልጠው ፊልሜ ይህ ነው ሲለን ነበር። አሥራ አራት ዓመት ይህን ነው የጠበቅሁት። ጭብጨባውን ሳይሰማ እንዲሄድ።»

«እኔ ስታሰርስ?» አለች ጃንዲራ። «ዝም ልትል ነበር?»

«አዎ። ጠርሙሱን ያስያዝኩሽ ለዚያ ነው። ልጄ እጇን ስትዘረጋልሽ ጀልባዋ ላይ አንቺ ነበርሽ። ኢቫልዶ ‹አትንኪያት፣ ካሜራው እየሠራ ነው› አለሽ፤ አልነካሻትም። ከዚያ ለፖሊስ ከቀረጻ በኋላ ሰጠመች አልሽ።»

ካቴናው ሽማግሌው እጅ ላይ ገባ፤ አለቃዋ ይዞት ወጣ። አሊፒዮም ባርኔጣውን አንሥቶ አንገቱን እንደደፋ ተከተላቸው።

«ነፃ ነዎት፣ ዶና ጃንዲራ። ይሂዱ» አለቻት ዴልፊና።

ጃንዲራ ከወንበሯ አልተነሣችም።

«ዶቶራ፣ ወረቀት አለዎት? ቃሌን ልስጥ።»

«ስለ ባልዎ ሞት?»

«አይደለም። ስለ ልጅቷ።»