ከገደል የተመለሰ እትብት

በዘንበራ ምድር ክፉው ምልክት መጀመሪያ የታየው ከበረት ነው። ላሞች ወለዱ፤ እንግዴ ልጃቸው ግን አልወርድ አለ። ቀጥሎ የሸማኔው ሚስት፣ ከዚያም የሸክላ ሠሪዋ ልጅ በሰላም ተገላገሉ ሲባል እንግዴ ልጁ ከሆዳቸው ቀርቶ ደማቸው ፈስሶ አለቀ። ቤተ መንግሥቱ አልሰማም። የድሃ ሬሳ መቼ ድምፅ አለውና! ንግሥት እሌንያ ንጋት ላይ ወልዳ እንግዴ ልጇ የቀረ ዕለት ግን የአገሩ ነጋሪት ሁሉ ተጎሰመ።

አዋላጆቹ እትብቱ ወደ ውስጥ እንዳይመለስ ከጭኗ ጋር አስረው ተስፋ ቆርጠው ቆሙ። ያን ጊዜ ዕውሩ ባለ ራእይ ከዙፋኑ ፊት ቀረበ።

«ንጉሥ ወርዳን ሆይ! አባትህ የቀጥቃጭ ልጅ እትብት በአገሩ አፈር እንዳይቀበር አዋጅ አስነገረ። እትብቱም እንግዴ ልጁም ከድንበር ማዶ ወደ ገደል ተጣለ። ዘንዶው ወርዘል ታቅፎታል። ድርሻዋን የተነፈገች ምድር ደግሞ የሴቶችን ማሕፀን ቆልፋለች። መልሶ የሚያመጣው እትብቱ እዚያ የተጣለ ሰው ነው።»

ወጣቱ ቀጥቃጭ ቀጸላ ተጠራ። የዘበኞቹ አለቃ ደንገዝ በዋናው በር አስገባው።

«ጋሻ ተሸክሜ ስመጣ በጓሮ ነበር የምታስገባኝ፤ ዛሬ በሩ ሰፋ እንዴ ጋሼ ደንገዝ?» አለው ቀጸላ።

«አፍህን ዝጋ፣ አንተ ጥላሸት!»

ንጉሡ ከዙፋኑ ተነሣ። «የመንግሥቴን እኩሌታ እሰጥሃለሁ።»

«ንጉሥ ሆይ፣ እኅቴ ማርዳም ዛሬ ወልዳ እንግዴ ልጇ አልወረደም። ለእሷ ነጋሪት የመታ የለም። የምሄደው ለእሷ ነው። እርስዎ ግን አዋጁን እንደሚሽሩ ይማሉልኝ።»

«ባልሽር ዘውዴ ይውደቅ፤ ምድር ትክዳኝ!»

ቀጸላ ከጎጆዋ ደጃፍ ቆሞ እኅቱን አያት። ከንፈሯ ነጥቷል።

«ወንድምዓለም፣ ቶሎ ና» አለችው። «ልጄን ስም ሳላወጣለት እንዳልሄድ።»

እንዳይኮበልል ተብሎ ደንገዝ አብሮት ተላከ። በፈረስ ጋልበው ገደሉ አፋፍ ደረሱ፤ ቁልቁለቱንም በእግራቸው ወረዱ። ከታች ወርዘል ተጠምጥሞ ነበር፤ ቅርፊቱ የቀለጠ ብረት፣ ትንፋሹ የወናፍ እሳት። በእቅፉ ውስጥ የተጣሉት እትብቶች ሁሉ እንደ ፍም ይበራሉ።

«ውሰዳቸው» አለ ዘንዶው በሚያስገመግም ድምፅ። «ነገር ግን የተናቁበት ዘመን እሳት ሆኖባቸዋል። የተሸከማቸው ይነድዳል።»

ደንገዝ አንዱን ቢያነሣ በእጁ ላይ አመድ ሆነ። ቀጸላ ሲያቅፋቸው ግን አልጠፉም፤ ደረቱን ፈጁት እንጂ። አቀበቱ አጋማሽ ላይ ወደቀ። ደንገዝ ቆሞ አየው፤ ከዚያ አጎንብሶ በጀርባው አዘለው።

«ከነጥላሸቴ?» አለ ቀጸላ፣ እየተቃጠለ።

«ዝም በል ወንድሜ። ትንፋሽህን ቆጥብ።»

ፈረሶቹ ነበልባሉን ፈርተው ሸሽተው ነበር፤ ደንገዝ እስከ ከተማው በእግሩ ሮጠ። ጀርባው ተላጠ። ፀሐይ ልትጠልቅ ስትል ቤተ መንግሥቱ ደረሱ።

«የት እንቅበረው?» አለ ንጉሡ።

«ዋናው በር ሥር» አለ ቀጸላ።

ንጉሡ ራሱ ዶማ ይዞ ቆፈረ። የቀጸላ ክንዶች ግን ከፍሙ ጋር ተጣብቀው አልላቀቅ አሉ።

«አብራችሁ ቅበሩኝ» አለ። ይህን ብሎ ትንፋሹ ወጣ።

አፈሩ በተመለሰበት ቅጽበት ምድር ተነፈሰች። የንግሥቲቱ እንግዴ ልጅ ወረደ፤ በቀጥቃጮች ሰፈርም የማርዳ ወረደ። ደሙ ቆመ። አዋጁ በዚያው ምሽት ተሻረ።

ማርዳ መቆም በቻለች ጊዜ ልጇን አዝላ፣ እንግዴ ልጇን በሸክላ ይዛ ልትቀብር መጣች። ደንገዝ ዋናውን በር ወለል አድርጎ ከፍቶ እጅ ነሣ።

«በዚህ ይግቡ እመቤቴ። ከእንግዲህ በሩ የእናንተም ነው።»

ማርዳ አልገባችም። ከደጃፉ አፈር ላይ ተንበረከከች።

«እኔ የጠበቅኩት ወንድሜን ነበር» አለችው። «በሩንማ ቀድሞም ልትከፍቱት ትችሉ ነበር።»

ደንገዝ ከጎኗ ተንበርክኮ በእጁ ይቆፍርላት ጀመር። የቀጸላን እትብት የተነፈገችው ምድር እሱን ራሱን ዋጠች። በጀርባዋ ያለው ሕፃን ስሙ ቀጸላ ተባለ፤ የእሱ እትብት ግን በአገሩ አፈር ተቀበረ።