አሸክሚኝ

እኔን ማን ይጠይቀኛል! ፊደል ስላልቆጠርኩ ነገር የማይገባኝ ይመስላቸዋል። ያን ሁሉ መጽሐፍ ያነበበው ኤልቃና በአንዲት ቃል ተደናቅፎ ሲወድቅ ያነሣሁት ግን እኔ ሥርጉት ነኝ። እኔ እናገራለሁ፣ ልጄ ዓለም ትጽፋለች፤ ያፈረችበትን እንዳትዘል እያስደገምኳት።

ኤልቃና ወሰን ይባላል፤ ዩኒቨርሲቲ ፍልስፍና ያስተምራል። ስለ ግብረ ገብ፣ ስለ ኢኮኖሚ፣ መንግሥት ስለሚያወጣው ፖሊሲ ይጽፋል። የኛን የእንጨት ለቃሚዎቹን ኑሮ መጽሐፉ ውስጥ ሊያስገባ እንጦጦ ሲወጣ፣ ዓለም ጭራሮ ተሸክማ ስትወርድ ጠባቧ መንገድ ላይ ተፋጠጡ።

«ዞር በልልኝ» አለችው።

«አንድ ጥያቄ ልጠይቅሽ?»

«ሠላሳ ኪሎ ጀርባዬ ላይ እያለ? ቤት ድረስ ተከተለኝና ጠይቅ!»

ተከተላት። ከዚያ ወዲያ ቅዳሜ ቅዳሜ ሲመጣ ጥያቄው እያነሰ፣ ዝምታው እየበዛ ሄደ። እኔ ዓይን አለኝ። እሱ ደብተሩን ገልጦ እሷን ያያል፤ እሷ ያሰረችውን ገመድ ፈትታ መልሳ ታስራለች።

ክረምቱ ሲወጣ የመጽሐፉን ረቂቅ ሰጣት። ጮክ ብላ ስታነብልኝ መሀል ላይ ድምፅዋ ተቆረጠ። እንዲህ ይላል፦ «ደካማዋ ዳርቱ እንደነገረችኝ፣ አንዲት ብርቱ ወጣት በየማለዳው ታሸክማታለች። ድሃም ድሃን ይበዘብዛል።»

ዳርቱ አብራን እንጨት የምትለቅም ናት፤ ብርቱዋ ወጣት ደግሞ ዓለም ናት!

«አስረጂው እንጂ» አልኳት።

«ሳይጠይቀኝ የጻፈውን እኔ ላስረዳው? በዝባዥ ካለኝ በዝባዥ ልሁን!»

ሦስት ቅዳሜ በር አልከፈተችለትም። እሱ ከአጥር ውጭ ይቆማል፤ እሷ ከውስጥ ታለቅሳለች። መጽሐፉ ደግሞ ማተሚያ ቤት ሊገባ ሳምንት ቀርቶታል።

በአራተኛው ቅዳሜ ወጣሁና «ና!» ብዬ ጫካ ይዤው ሄድኩ። ዳርቱ ጭራሮዋን አስራ መሬት ላይ አስቀምጣ አጠገቡ ቆማለች።

«ተሸከም።»

ተቀምጦ ገመዱን ትከሻው ላይ አደረገ። ሊነሣ ሲታገል ጭራሮው ወደ ኋላ ጎተተውና እንደ ጥንዚዛ ተንጋለለ። ዳርቱ በሳቅ ሞተች።

«እማማ፣ ብቻዬን አልችልም!»

«ማን ብቻውን ይችላል? ከኋላ ደግፎ የሚያነሣልህ ሰው ያስፈልግሃል። ማሸከም የምንለው ይኼን ነው፣ አንተ የተማርክ! ዳርቱ እኮ ዓለምን እያመሰገነችልህ ነበር።»

ፊቱ አመድ መሰለ። ቀና ሲል ዓለም ከባሕር ዛፉ ሥር ቆማለች፤ ተከትላን ኖሯል። እዚያው እንደተቀመጠ ብዙ አያት።

«ዓለም... አሸክሚኝ።»

እሷም ብዙ አየችው። ከዚያ ከኋላው ዞራ ጭራሮውን ከሥር አነሣችለት። እየተንገዳገደ ቆመ።

«ከበደህ?»

«ከበደኝ።»

«ይበልህ!» አለችና ሳቀች። ሦስት ሳምንት ደረቴ ላይ የተቀመጠው ድንጋይ ያን ጊዜ ወረደልኝ። እፎይ!

ምዕራፉን እንደ አዲስ ጻፈው። አሁን «መንግሥት ሕዝቡን ማሸከም ያለበት እንደ እንጦጦ ሴቶች ነው» ይላል። ሽማግሌም ልኮ እሺ ብያለሁ፤ ሠርጉ ለጥር ነው።

ግን ኤልቃና፣ ስማኝ። ያመሰገንካቸውን ሰዎች ዝርዝር ዓለም አንብባልኛለች። ፕሮፌሰር በፕሮፌሰር ነው፤ እኔ የለሁበትም። ሥርጉት ብለህ ከሁሉም በፊት አስገባኝ። በንጉሡ ሠ ነው፤ ያን ያህልማ አውቃለሁ። ሳታስገባ ሙሽራ ልውሰድ ብለህ ደጄ እንዳትመጣ!