አላምረው የሰረቃት ደመና

ጠጋ በሉ። በሩ አጠገብ ያላችሁትማ በተለይ ጠጋ በሉ። ውጭው ዓይን ቢወጉ የማይታይ ጨለማ ነው፤ ይህም ነገር የሆነው እንዲህ ባለ ሌሊት ነው።

ዶሮ ገና አልጮኸም። ሰውን ሁሉ እንቅልፍ ጥሎታል። በገደሉ አፋፍ፣ ፍየል እንኳ በምትፈራት ቀጭን መንገድ፣ አንድ ሰው ብቻውን ይሄዳል። አላምረው ይባላል። ሚስቱንና ጡት ያልጣለች ልጁን ተኝተው ጥሏቸው ነው የወጣው። የት ይሄዳል? ሊሰርቅ ይሄዳል። ምን ሊሰርቅ? ደመና።

አትሳቁ። ያ አገር እንደኛ አገር አይደለም። ሰማዩ፣ ያን ሌሊት ባይወጡም፣ ሁለት ጨረቃ አለው፤ ዝናብ ግን የለውም። ሰው የሚኖረው በጤዛ ነው። ማታ ቁርበት ይዘረጋል፣ ጠዋት ጤዛውን ወደ ቅል ያንቆረቁራል። ከዚያው ይጠጣል፣ ከዚያው ለዘሩ ያጠጣል።

ቁርበት የማይዘረጋ አንድ ሰው ብቻ ነበር፤ አያ ቢተው የሚባል የአላምረው ጎረቤት። ከማሳው በላይ አንዲት ትንሽ ደመና ነበረች፤ የአንድ ጎጆ ጣራ ብታክል ነው። ሰማያዊ ናት። ማታ ማታ ከውስጧ ታበራለች። ቢተው ሲሄድ ትከተለዋለች፣ ሲቀመጥ ታካፋለች። የሱ ጤፍ በነፋስ ሲወዛወዝ፣ የአላምረው ጤፍ ከመሬት አይነሳም።

አላምረው ምን ሆነ? ቀና። መጀመሪያ በጤፉ ቀና። ቀጥሎ በቢተው እንቅልፍ ቀና። የኋላ ኋላ እህል አልዋጥለት አለ። ሚስቱ የሻረግ፣ ዓይንህ ከዚያ ማሳ አልነቀል አለኮ ስትለው ይቆጣታል። እሷን ያን ማሳ እንደሚያየው አድርጎ ካያት ቆይቷል።

ቅናት ያሳውራል። ያ ቢተው ሚስት አልነበረውም። ልጅ አልነበረውም። ውሻ እንኳ አልነበረውም። ለምን? ብሎ የጠየቀ ሰው ግን አልነበረም።

እንግዲህ አላምረው ማሳው ዳር ደረሰ። ደመናዋ ከቢተው ጎጆ በላይ ተኝታለች። እንደ ሴት ያባብላት ጀመር።

"ነይ" አላት። "እሱ ሸምግሏል። እኔ እሻልሻለሁ።"

ደመናዋ ተነቃነቀች። አላምረው ዞሮ መንገዱን ያዘ። ጥቂት እንደሄደ ማጅራቱ ላይ አንዲት ጠብታ አረፈች። ሌላ ጥቂት እንደሄደ፣ ከኋላው እርጥብ እግር ድንጋይ ላይ ሲያርፍ ሰማ። ደመና እግር አለው? የለውም። ዞር ሲል ማንም የለም። ሲሄድ ጠብ፣ ጠብ። ሲቆም ዝም። ቤቱ በር ላይ ሲደርስ ከጆሮው ሥር አንድ ነገር ተነፈሰ። የሴት ትንፋሽ ነው፤ ግን ቀዝቃዛ።

ውሎ አድሮ ማሳው ለመለመ፣ አገሩም ጉድ አለ። የአላምረው ደስታ ግን አልቆየም። ማታ ከየሻረግ ጎን ሲተኛ ጣራው ያፈሳል። በሱ ላይ አይደለም፤ በሷ በኩል ብቻ። ቦታ ቢለዋወጡም ያው ነው። ልጁን ሲያቅፍ ብርድ ይመጣና የልጅቱ ከንፈር ይጠቁራል፤ ሲያስቀምጣት ይመለስላታል። ጎረቤት ሊጨብጠው እጁን ቢዘረጋ በረዶ ይወርድበታል። ያን ጊዜ ገባው። ለካ ደመናዋም ቀናተኛ ናት።

ወደ ቢተው ሮጠ። ቢተው በሩ ላይ ከሰው ጋር ተቀምጦ ይስቃል። አላምረው ከሩቅ ቆሞ፣ እባክህ መልሰህ ውሰዳት ብሎ ለመነው። ሽማግሌው ሳቁን አቆመ።

"ልጄ፣ እኔም እንዳንተ ከሰው ነው የሰረቅኋት" አለው። "የቀና ሰው ካልወሰዳት አትሄድም። እኔ ደግሞ ብትገድለኝ አልቀናብህም።"

አላምረው ምን ያድርግ? ልጄን በብርድ ከምገድላት ብሎ ማሳው መሃል ዳስ ጣለና ለብቻው ማደር ጀመረ። ጤፉ አማረ፤ አብሮት የሚበላ ግን ጠፋ። የሻረግ በሯ ላይ ቆማ ታየዋለች። ያ ሰማያዊ ብርሃን ዳሱ ላይ ዝቅ ብሎ፣ እንደ ተፈታ ጸጉር ሲፈስበት ታያለች። አዘነች? አዎ፣ አዘነች። ደግሞም ቀናች። ባሌን ብላ ቀናች።

አንድ ሌሊት አላምረው ሲነቃ ሁሌ የሚረጥበው ትከሻው ደርቋል። ጆሮው ሥር የሚተነፍስ የለም። አጠገቡ ልጁ በቁርበት ተጠቅልላ ተኝታለች። ማን አመጣት? ከማሳው ዳር የሚስቱን ድምፅ ሰማ።

"እሱን ተይልኝ" ትላለች የሻረግ። "ነይ፣ እኔ እሻልሻለሁ።"

ልጁን ታቅፎ ሮጠ። ብርሃኑ በገደሉ መንገድ ይሄዳል። ከሥሩ የሻረግ ትሄዳለች፤ ነጠላዋ ረጥቦ ተጣብቆባታል። ስሟን ጠራ። ቆመች፤ ግን አልዞረችም።

"አትቅረበኝ፣ ልጅቷን ታስበርዳታለህ" አለችው። "ደህና አድርገህ አሳድጋት።"

ልጅቱን መሬት አስቀምጦ እጁን ዘረጋ። ደመናዋ ወረደች። የሻረግን ከራስ እስከ እግሯ ዋጠቻት። ከጉሙ ውስጥ ፊት ወጣ። የሚስቱ ፊት አይደለም። ዓይን አለው፣ አፍ አለው፣ ሁሉም ውሃ ነው። አፍንጫው ድረስ ቀረበውና በለሆሳስ ተናገረ።

"ቤትህ ግባ። ይቺ የኔ ናት።"

ጉሙ ሲነሳ መንገዱ ባዶ ነበር።

አላምረው ልጁን አሳደገ። ማሳው ደረቀ፤ እንደ ሰው ሁሉ ቁርበቱን ዘረጋ። አንዳንድ ማታ ግን ከተራራው ማዶ ሰማያዊ ብርሃን ያያል፤ ያን ጊዜ ጥርሱን ሲያፋጭ ያድራል። በደመናዋ ይቀናል? በሚስቱ ይቀናል? እሱም አያውቅም።

በሉ ተነሱ፤ መሽቷል። ስትሄዱ ሁለት ሁለት ሆናችሁ ሂዱ። ብቻውን የሚሄድን ሰው የሚወድ ነገር ብዙ ነው።