ከነጠላው ሥር ያለችው በቀቀን

ውሸት ይመስላችኋል፤ ኢየሱስን፣ አንዲት ቃል ከራሴ አልጨመርኩም! በቀቀኗ አገር በተሰበሰበበት ሜዳ መሐል «ጪርርር» ስትል ካሣነሽ ነጠላዋን በሁለት እጇ ጥብቅ አድርጋ ያዘች።

«ምንድን ነው እሱ?» አሉ ጭቃ ሹሙ አቶ ተክለ ማርያም።

«ሳል ነው ጌታዬ። ጉንፋን ይዞኝ።»

«ይቺስ ሳል ክንፍ ሳይኖራት አትቀርም!» አለ ከኋላ አንድ ጎረምሳ። ሰው ሳቀ። ሦስት ቀን ሙሉ ፀሐይ ላይ ተቀምጦ የሰነበተ ሰው በትንሹም ይስቃል።

ካሣነሽ ግን አልሳቀችም። ዕድሜዋ አሥራ አራት ነው፤ መካነ ኢየሱስ ከተማ ስድስተኛ ክፍል ትማራለች። ከትምህርት ቤት ስትመለስ ማማ ላይ ወጥታ ዘግይቶ የተዘራውን የእናቷን ገብስ ከወፍ ትጠብቃለች። ያን ዓመት በቀቀኖቹ ጠግበው ነበር። አረንጓዴ ናቸው፤ የወንዶቹ ግንባር በርበሬ የተቀባ ይመስላል። ከቤተ ክርስቲያኑ ጥድ ተነሥተው በየከተሜው ጓሮ ይዞሩና ሜዳው ላይ ይወርዳሉ። የደረሰ ገብስ ላይ ሲያርፉ ማሳው እንደ አዲስ የለመለመ ይመስላል፤ ብር ብለው ሲነሡ መልሶ ይደርቃል።

ስብሰባው ከመጠራቱ በፊት በነበረው ሐሙስ ካሣነሽ በጭስ ላባርራቸው ብላ ከማማው ሥር ኩበት አነደደች፤ ወንጭፏንም ወረወረች። ወንጭፏ አንድ ቀን እንኳ ወፍ መትቶ አያውቅም። ያን ቀን ግን አንዷን ጣለ። ክንፏ የተሰበረ በቀቀን እየተንደፋደፈች ወደ ወንዙ ስትወርድ፣ ካሣነሽ እሳቱን ረስታ ተከትላት ሮጠች። ወፏን ታቅፋ ስትመለስ ነፋስ ተነሥቶ ነበር። የጎረቤቷ የአያ ገብረ ሥላሴ የስንዴ ክምር ይነዳል። ግራ ቀኝ አየች። ሰው የለም። ወደ ቤቷ ሮጠች።

ክምር ያቃጠለ ሰው ካልታወቀ አገሩ ለአውጫጭኝ ይጠራል። አጥፊው እስኪገኝ ማንም ወደ ሥራው አይሄድም። ጭቃ ሹሙ «ማሳ የሚጠብቁ ልጆችም ይምጡ» ስላሉ ካሣነሽም መጣች፤ ወፏም ካልጎረሰች ስለማትውል በነጠላዋ ይዛት መጣች። እንደ ወጉ እያንዳንዱ ሰው ተነሥቶ ይምልና የሚያውቀውን ይናገራል። ከማን እንደሰማ መግለጽ የማይፈልግ «ወፍ ነገረችኝ» ይላል፤ «የትኛዋ ወፍ?» ብሎ የሚጠይቀው የለም።

ሁለት ቀን ሙሉ ሁሉም «አላየሁም፣ አልሰማሁም» ብሎ ተቀመጠ። በሦስተኛው ቀን ከሜዳው ባሻገር ያለው ማሳ ሁሉ አረንጓዴ ለብሷል፤ ጠባቂ የለውማ። ባዩ የሚባል ገበሬ ማሳውን አየት አድርጎ ተነሣ።

«ንጉሥ ይሙት፣ ወፍ ነገረችኝ! ሀብቴ ነው። ከገብረ ሥላሴ ጋር በድንበር ተጣልቶ የለም እንዴ?»

«ለእኔም ነግራኛለች» አለ ሁለተኛው። ሦስተኛው ደግሞ ሳይጠራ ተነሣ። አንዳቸውም ሀብቴን አላዩትም፤ ዓይናቸው ገብሳቸው ላይ ነበር።

ሀብቴ የብርቄ አባት ነው። ብርቄና ካሣነሽ በትምህርት ቤት በአንድ አግዳሚ ነው የሚቀመጡት።

«ካሡ፣» አለች ብርቄ በሹክሹክታ፣ «አባቴ ያን ቀን አሞት ተኝቶ ነበር። ውሃ ያቀበልኩት እኔ ነኝ። ልጅ ለአባቷ ብትመሰክር ማን ይሰማል? በሬዎቻችንን ለካሣ ሊወስዷቸው ነው።»

ካሣነሽና እናቷስ ያላቸው አንድ በሬ አይደል? እሱንም ከሰው በሬ ጋር አቀናጅተው ነው የሚያርሱት። ወፏን ከቅርጫት ውስጥ ያገኘችው እናቷ ማሬ ሁሉን ታውቃለች፤ ትናንት «አፍሽን ያዢ፣ ልጄ። በሬያችን ከሄደ እኔና አንቺ ነን የምንጠመደው» ብላታለች።

«የማሬ ልጅ!» ብለው ጠሩ ጭቃ ሹሙ። «አንቺስ?»

«አላየሁም» ብላ መቀመጥ ትችላለች። አንዲት ቃል ናት። ማሬ የነጠላዋን ጫፍ ሳብ አደረገቻት። ብርቄ አቀርቅራ መሬቱን በጣቷ ትጭራለች።

ይኼኔ በቀቀኗ ከነጠላው ሥር አንገቷን ብቅ አድርጋ፣ እንደ ዲያቆን ጥርት ባለ ድምፅ ተናገረች።

«ካሣነሽ ናት! እሳቱን ትታ እኔን ስታሳድድ ነው!»

ሰው ሁሉ አማተበ። አያ ገብረ ሥላሴ አፋቸውን ይዘው፣ «ሦስት ቀን ሙሉ ወፍ ወፍ ስትሉ፣ እውነተኛዋ ገና አሁን መጣች!» አሉ።

መቼም ምያለሁና ልናዘዝ። አንዷን ነገር ከራሴ ጨምሬያታለሁ። የእኛ አገር በቀቀን ትጮሃለች እንጂ አትናገርም። ያን ቀንም ከመጮህና የካሣነሽን ጣት ከመንከስ በቀር ምንም አላደረገችም።

ካሣነሽ ነች ከእናቷ እጅ ነጠላዋን ቀስ ብላ አስለቅቃ የተነሣችው። ወፏን በመዳፏ ላይ አውጥታ ያዘቻት። ድምፅዋ እስከ መጨረሻው ረድፍ ድረስ ተሰማ።

«ለእኔ ወፍ አልነገረችኝም፣ ጌታዬ። እኔው ነኝ።»